24 ፍሬ ቡና

የእህቴ ልጅ አምስተኛ ክፍል ናት። እናቷ አመሻሽ ላይ ሥራ ስላለባት ከትምህርት ቤት የምትመጣው እኔ ቤት ነው። ደሴ፣ አረብ ገንዳ ነው የምንኖረው። ማታ ማታ እሷ የቤት ሥራዋን ትሠራለች፤ እኔ ኮምቦልቻ የምሠራበትን መጋዘን ሒሳብ አስተካክላለሁ። ጠረጴዛችን አንድ ነው።

ጥቅምት ላይ አንድ ማታ ደብተሯን ወደ እኔ ገፋ አደረገችው። «አጎቴ፣ እስኪ እየው» አለች። 1/2 + 1/3 = 2/5 ይላል። ላይኛውን ከላይኛው፣ ታችኛውን ከታችኛው ደምራለች።

ስህተት መሆኑን ነገርኳትና በልጅነቴ የተማርኩትን አሳየኋት። በመስቀል ታባዣለሽ። 1 በ3፣ 3። 1 በ2፣ 2። ሁለቱን ትደምሪያለሽ፣ 5። ታችኞቹን እርስ በርስ ታባዣለሽ፣ 6። መልሱ 5/6። ፈጣን ልጅ ናት። የቀሩትን አምስት ጥያቄዎች አንድም ሳትስት ጨረሰች። እኔም ወደ ሒሳቤ ተመለስኩ።

ትንሽ ቆይታ እርሳሷን አስቀመጠች።

«የመጀመሪያው ግን ለምንድን ነው ስህተት የሆነው?»

«ሕጉ እንደዚያ አይደለማ። ሕጉ አሁን ያሳየሁሽ ነው» አልኳት።

ይቺ መልስ ከዚያ በኋላ ለብዙ ቀን ከአእምሮዬ አልወጣችም።

የውጤት ወረቀቱ

እሷ በዚህ አላቆመችም። ከቦርሳዋ የውጤት ወረቀቷን አወጣች። አንደኛው ፈተና ከ10፣ 8። ሁለተኛው ከ20፣ 15። ድምሩ ከ30፣ 23። «ቲቸር እንዲህ ነው የምትደምረው» አለች። «ላይኛውን ከላይ፣ ታችኛውን ከታች።»

ዝም አልኩ። ምክንያቱም ልክ ናት። አስተማሪዋም ልክ ናት። ከ10 ጥያቄ 8፣ ከ20 ጥያቄ 15 ያገኘ ልጅ ከ30 ጥያቄ 23 አግኝቷል። በዚህ የሚከራከር የለም። ታዲያ ያው አደማመር እዚህ ልክ፣ እዚያ ስህተት የሆነው ለምንድን ነው? «ይሄ ሌላ፣ ያ ሌላ ነው» አልኳት። «እንዴት ሌላ ሆነ?» አለችኝ። «ነገ እነግርሻለሁ» ብዬ አሳደርኩት። ነገም አልነገርኳት። የምነግራት አልነበረኝም።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ማለት እፈልጋለሁ። 2/5 ብሎ የሚጽፍ ልጅ አላሰበም የምንል ብዙ ነን። እኔም ያን ማታ የመሰለኝ እንደዚያ ነው። ልጅቷ ግን አስባለች። ሲደረግ ያየችውን፣ በውጤት ወረቀቷ ላይ በየጊዜው የሚደጋገመውን ነገር ይዛ ነው የመጣችው። በቀይ እስክሪብቶ ኤክስ አድርገን ስንመልስላት ያን ሐሳብ አላየንላትም። ካለመናገር ደጃዝማችነት ይቀራል ይባላል። እሷ ተናግራለች። መልስ ያጣሁት እኔ ነኝ።

ቢያንስ አንድ ነገር ላሳያት እችል ነበር። 2/5 ከግማሽ ያንሳል። ግማሽ ዳቦ ይዘሽ ሲሶ ቢጨመርልሽ እንዴት ከግማሽ በታች ይሆናል? ይህን ብላት መልሷ የማይሆን መሆኑን ራሷ ታየው ነበር። ያን ማታ ግን አልመጣልኝም። እኔ ራሴ ክፍልፋይን የማውቀው በወረቀት ላይ እንደሚባዛ ነገር እንጂ እንደ መጠን አልነበረም።

ሐረጎን ስንወርድ

ጠዋት ጠዋት በሚኒባስ ኮምቦልቻ እወርዳለሁ። ጦሳ ተራራን ብዙውን ጊዜ ጉም ለብሶ ነው የምንተወው። ሐረጎን እየተጠማዘዝን ስንወርድ አየሩ ይለወጣል፤ ጃኬት ማውለቅ የሚጀመረው እዚያ ነው። ለማሰብ ጥሩ መንገድ ነው።

አንድ ቀን ከኋላዬ የተቀመጠች ሴት ስልክ ላይ «ግማሽ ሰዓት ጠበቅኩ፣ ከዚያ ደግሞ ሩብ ሰዓት» ስትል ሰማሁ። 45 ደቂቃ አልኩ በልቤ። ወዲያው ደነገጥኩ። ግማሽና ሩብ ደመርኩ እኮ! በእህቴ ልጅ አደማመር ቢሆን 1/2 + 1/4፣ 2/6 ይሆናል። የሰዓት 2/6 ደግሞ 20 ደቂቃ ነው። ግማሽ ሰዓት ብቻውን ከዚያ ይበልጣል። ማንም ሰው፣ ፊደል ያልቆጠረም ቢሆን፣ እንዲህ አይሳሳትም።

ለምን አይሳሳትም? ደቂቃ ስላለ ነው። ግማሹን 30፣ ሩቡን 15 አድርገን፣ ሁለቱንም ደቂቃ አድርገን ነው የምንደምረው። እንደቀየርናቸው እንኳን አናውቅም። በ60 መክፈል ከጥንት ባቢሎናውያን የመጣ ነው፤ ቁጥሩም ለመካፈል የተመቸ ነው። 60 ለ2፣ ለ3፣ ለ4፣ ለ5፣ ለ6፣ ለ10፣ ለ12 ያለቀሪ ይካፈላል። ግማሽ ቢሉት፣ ሲሶ ቢሉት፣ አንድ አምስተኛ ቢሉት ሙሉ ደቂቃ ይወጣዋል።

ይህ የመልሱ ግማሽ ነበር። ግማሽ ብቻ ያልኩት፣ ሰዓት ላይ ደቂቃን ሌላ ሰው አስቀድሞ ስላዘጋጀልን ነው። ሰዓት በሌለበትስ? 1/8 እና 1/6 ቢመጣ «ደቂቃው» ምንድን ነው? ማነው የሚመርጠው? በመስቀል ማባዛቱን እንጂ ይህን አስተምሮኝ የሚያውቅ ሰው የለም። ወይም ተምሬው አልገባኝም። አለባብሰው ቢያርሱ በአረም ይመለሱ ማለት ይሄ ነው። የእኔ አረም ከሠላሳ ዓመት በኋላ በልጅ ጥያቄ በቀለ።

ሰፌዱ

ከዚያ በኋላ ነው ጎረቤታችን ቤት የተጠራሁት። የቤቱ አባወራ ካረፉ ቆይቷል። ወራሾቹ ድርሻቸው በሸሪዓ እንዲከፈል ተስማምተው አንድ ሼህ አስመጥተዋል። በልጅነታቸው ደረሳ፣ ማለትም የሃይማኖት ተማሪ ሆነው ኪታብ የተማሩ፣ ፈራኢድ የሚባለውን የውርስ ክፍፍል የሚያውቁ ሽማግሌ ናቸው። እኔ ክርስቲያን ነኝ፤ በእናቴ በኩል ያሉት ዘመዶቼ ሙስሊሞች ናቸው። ወሎ ነው፤ ይሄ ማብራሪያ አያስፈልገውም። የጠሩኝ ጽሑፌ ጥሩ ስለሆነ፣ የሚባለውን እንድጽፍላቸው ነው።

ሼሁ መጀመሪያ ስለ ዕዳ ጠየቁ። ተከፍሏል። ስለ ኑዛዜ ጠየቁ። የለም። ከዚያ ወራሾቹን ቆጠሩ። ሚስት፣ እናት፣ አንድ ወንድ ልጅ፣ አንዲት ሴት ልጅ። «ለሚስት ሱሙን። ለእናት ሱዱስ። ቀሪው የልጆቹ ነው፤ ለወንዱ የሴቷ ሁለት እጥፍ» አሉ። ሱሙን አንድ ስምንተኛ ነው። ሱዱስ አንድ ስድስተኛ። ድርሻዎቹ በቁርኣን አን-ኒሳእ ምዕራፍ 11ኛውና 12ኛው አንቀጽ ላይ ተቀምጠዋል።

ስልኬን አወጣሁ። 1 ለ8፣ 0.125። ጥሩ። 1 ለ6፣ 0.1666… ስድስቱ አያልቅም። «አባባ፣ የእናትየው ድርሻ ቁጥሩ አያልቅም» አልኳቸው።

«አብሽር ልጄ» አሉኝ። ወደ ጓዳ ዞር ብለው «እስቲ ያንን ሰፌድ አምጡልኝ» አሉ። ሴቶቹ ለመቁላት ቡና እየለቀሙ ነበር። ሰፌዱ መጣ። ሼሁ ጥሬ ቡናውን ወደ አንድ ጎን ሰበሰቡና ፍሬ መቁጠር ጀመሩ። 24 ሲደርሱ አቆሙ።

«ለምን 24?» አልኩ። ልቤ መምታት ጀምሯል።

«ስምንትና ስድስት በግማሽ ይስማማሉ» አሉ። «ሁለቱም ግማሽ አላቸው። ስለዚህ የስድስትን ግማሽ ትወስዳለህ፣ ሦስት። በስምንት ታባዛለህ። ሃያ አራት። ከዚህ ያነሰ ቁጥር ሁለቱንም አያስተናግድም።»

ከዚያ በጣታቸው 3 ፍሬ ወደ ሚስትየው በኩል ገፉ። 24 ለ8፣ 3። 4 ፍሬ ወደ እናትየው ገፉ። 24 ለ6፣ 4። የቀረውን ቆጠሩ። 17።

17 ለልጆቹ ነው። ወንዱ ሁለት፣ ሴቷ አንድ፣ በጠቅላላው ሦስት እጅ። 17 ግን ለ3 አይካፈልም። ሁላችንም ሰፌዱን እያየን ነው። ፍሬ ይሰብራሉ ብዬ ጠበቅኩ።

«ፍሬ አንሰብርም» አሉ ሐሳቤን እንዳወቁ ሁሉ። «ፍሬውን እናበዛለን።» ከእያንዳንዱ ፍሬ አጠገብ ሌላ ሁለት ሁለት ፍሬ አኖሩ። ጊዜ ወሰደባቸው። ማንም አላቻኮላቸውም። 24 የነበረው 72 ሆነ። የሚስትየው 3፣ 9 ሆነ። የእናትየው 4፣ 12 ሆነ። የልጆቹ 17፣ 51 ሆነ። 51 ለሦስት እጅ፣ 17። ለሴቷ 17፣ ለወንዱ 34።

የሟቹ እናት እስከዚያ ድረስ አልተናገሩም ነበር። ወደ ሰፌዱ ጠጋ ብለው አዩ። «የእኔ አራት አልነበረም እንዴ? አሥራ ሁለት ሆነ?» አሉ።

«ፍሬው በዛ እንጂ ድርሻው አልበዛም፣ እናቴ» አሏቸው ሼሁ። «ፍሬዋ ደግሞ አነሰች።»

እስክሪብቶዬን ይዤ ቀረሁ። ስንት ጊዜ 1/6 = 4/24 = 12/72 ብዬ ጽፌያለሁ! «ላይና ታቹን በተመሳሳይ ቁጥር ብታባዛ ዋጋው አይለወጥም» የሚለውን ሕግ በቃሌ አውቀዋለሁ። ለምን እንደማይለወጥ ግን ያን ቀን ነው ያየሁት። ቁጥሩ ሦስት እጥፍ ሲበዛ እያንዳንዱ ፍሬ የሚወክለው ገንዘብ በሦስት ይቀንሳል። ንብረቱ 720 ሺህ ብር ነው ብንል፣ 24 ላይ አንዱ ፍሬ 30 ሺህ ብር ነው፤ 72 ላይ 10 ሺህ። የእናትየው 4 ጊዜ 30 ሺህም፣ 12 ጊዜ 10 ሺህም ያው 120 ሺህ ነው።

ሌላም ነገር አየሁ። ሼሁ ሱሙንን ከሱዱስ ጋር አልደመሩም። አይደመሩምም፤ ሁለቱ የተለያዩ ነገሮች ናቸው። መጀመሪያ ሁለቱንም ፍሬ አደረጓቸው። ከዚያ በኋላ የቀረው ተራ ቆጠራ ነው። 3 እና 4፣ 7። ከ24 ላይ 17 ቀረ። ይህን አራት ዓመት የሞላው ልጅም ይቆጥረዋል። ከባዱ ሥራ መደመሩ አይደለም። ከባዱ ከመደመሩ በፊት ያለው ነው።

ታህታይ

መጻሕፍቶቻችን ላይኛውን ላዕላይ፣ ታችኛውን ታህታይ ይሉታል። ግዕዝ ነው፤ የላይ፣ የታች ማለት ነው። ቃሎቹ የት እንደሚቀመጡ ይነግሩናል። ምን እንደሚሠሩ ግን አይነግሩንም። ሁለተኛ ደረጃ ስንገባ በእንግሊዝኛ የምንማራቸው ስሞች ከላቲን የመጡ ናቸው። በላቲን የላይኛው «ቆጣሪ»፣ የታችኛው «ሰያሚ» ማለት ነው። ይህን ቀድሜ ባውቅ ኖሮ እላለሁ። ታህታይ ስም ነው። የፍሬው ስም። 3/24 ማለት «ሃያ አራተኛ» የሚባል ፍሬ፣ ሦስት ማለት ነው። 1/2 + 1/3 ብሎ ታችኞቹን መደመር ስምን ከስም መደመር ነው።

ደግሞ እኛ ስሞቹ ነበሩን። ሲሶ፣ እርቦ፣ እኩል። ከ1967ቱ የመሬት አዋጅ በፊት ጭሰኛው እኩል አራሽ፣ ሲሶ አራሽ ነበር የሚባለው። ሲሶ ሲባል የሦስት አንድ ብሎ የሚያሰላ የለም፤ አንድ የታወቀ ነገር ነው፣ እንደ ቁና። ሼሁም ሱሙን፣ ሱዱስ ሲሉ የሚጠሩት ስም ነው። ትምህርት ቤት ስንገባ ስሙ ጠፍቶ ሁለት ቁጥርና መሐላቸው አንድ መስመር ብቻ ቀረን። ልጅ ሁለት ቁጥር ካየ ሁለቱንም ይደምራል። ምን ያድርግ?

በማግስቱ መጋዘን ስገባ ቆጠራ ነበር። 3 ካርቶንና 4 ደርዘን ሳሙና። ካርቶኑ 24 ይይዛል። ይህን 7 ብዬ አልጽፍም። 72 እና 48፣ 120 ፍሬ ብዬ ነው የምጽፈው። እጄ ይህን ሲሠራ ቆም አልኩ። በየቀኑ የምሠራው ይህንኑ ነበር። ታህታይ የሚያመሳስል ሥራ እየሠራሁ ነው ዳቦዬን የምበላው። ከደብተሩ ክፍልፋይ ጋር ግን አገናኝቼው አላውቅም። ቃሉም «ፍሬ» ነው፣ ያው እንደ ሰፌዱ።

በመስቀል ማባዛት ውሸት ነው እያልኩ አይደለም። ሁልጊዜም ይሠራል። 1/8 + 1/6 በመስቀል 14/48 ይሰጣል፤ ያም 7/24 ነው። 48 ፍሬ ቢቆጠርም ድርሻው ልክ ይወጣል፤ ቆጠራው ብቻ ይበዛል። መጽሐፉ ትንሹ የጋራ ብዜት የሚለው፣ ሼሁ ከ48 ይልቅ 24 ላይ ያቆሙበት ምክንያት ነው። እሱን ሌላ ምዕራፍ ላይ፣ ሌላ ሳምንት ተማርነው። ከክፍልፋይ ጋር ምን አገናኘው ብሎ የጠየቀ አልነበረም። በሸሪዓ ውርስ ውስጥ የሚመጡት ስድስት ድርሻዎች ግማሽ፣ ሩብ፣ ስምንተኛ፣ ሁለት ሦስተኛ፣ ሲሶና ስድስተኛ ናቸው። ስድስቱም 24 ላይ ያለቀሪ ይወጣሉ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ820 ገደማ ባግዳድ ውስጥ ስለ አልጀብራ የጻፈው አልኸዋሪዝሚ፣ ከመጽሐፉ ትልቁን ክፍል የሰጠው ለውርስ ክፍፍል ነው። እኛ ጎረቤት ሰፌድ ላይ የተደረገው ያ ሒሳብ ነው።

ቅዳሜ ጠዋት

ቅዳሜ የእህቴ ልጅ ስትመጣ ጠረጴዛው ላይ ቡና በትኜ ጠበቅኳት። መጀመሪያ አንድ ነገር ነገርኳት። «ያን ማታ ሕጉ ነው ያልኩሽ መልስ አይደለም። መልሱን ስላላወቅኩት ነው እንደዚያ ያልኩት።» አየችኝ። ምንም አላለችም፣ ግን ወንበሯን አስጠጋች።

«ግማሽና ሲሶ ሊወጣበት የሚችል ትንሹ ፍሬ ስንት ነው?» አልኳት። 4 ሞከረች፤ ሲሶው እምቢ አለ። 5 ሞከረች፤ ሁለቱም እምቢ አሉ። 6 ላይ ደረሰች። ግማሹ 3፣ ሲሶው 2። ደመረች። «አምስት ፍሬ» አለች። «የምን ፍሬ?» አልኳት። «የስድስተኛ።» በመስቀል ማባዛት የሚባል ነገር አላነሳንም።

ከዚያ የውጤት ወረቀቷን ራሷ አወጣችው። እኔ አልረሳሁም፣ እሷም አልረሳችም። «ፈተናው ስንት ነው?» አልኳት። «ሁለት።» «ዳቦውስ?» ዝም አለች። ረጅም ዝምታ ነበር። ላግዛት አፌን ስከፍት በእጇ አስቆመችኝ። «ዳቦው አንድ ነው» አለች ቀስ ብላ። «ፈተናው ሲደመር ሙሉውም ይደመራል። 10 እና 20፣ 30 ጥያቄ ይሆናል። ዳቦው ግን ግማሹም የዚያው ዳቦ ነው፣ ሲሶውም የዚያው ዳቦ ነው። ሌላ ዳቦ አልመጣም።»

እኔ ለሳምንታት ስፈልገው የነበረውን በራሷ አፍ ተናገረችው።

ከሰዓት በኋላ የስድስቱን ድርሻዎች ዝርዝር ሰጠኋትና እየቀላቀለች ትደምር ጀመር። ሩብና ስድስተኛ፣ 12 ፍሬ ላይ፣ 5። ስምንተኛና ሁለት ሦስተኛ፣ 24 ፍሬ ላይ፣ 19። አንድ ጊዜ ግን ግማሽንና ሁለት ሦስተኛን አጋጠመች። 6 ፍሬ ቆጠረች። 3 ወደዚህ። 4 ወደዚያ ልትገፋ ስትል እጇ ላይ 3 ብቻ ቀረ።

«አጎቴ፣ አይበቃም!»

ትክክል ናት። 7/6 ነው። አንዲት ሴት ባልና ሁለት እህቶች ትታ ብትሞት፣ ልጅም ወላጅም ባይኖር፣ ለባል ግማሽ፣ ለእህቶች ሁለት ሦስተኛ ይደርሳል። ከንብረቱ ይበልጣል። አመሻሽ ላይ ሼሁ ጋ ይዣት ሄድኩ። ከመስጊድ ሲወጡ አገኘናቸው። ጥያቄዋን ቆማ ጠየቀቻቸው።

«ስንት ፍሬ አነሰሽ?» አሏት።

«አንድ።»

«እንግዲያው ንብረቱን ስድስት ቦታ አትክፈዪው። ሰባት ቦታ ክፈዪው። ለባል ሦስት፣ ለእህቶች አራት። ከሁሉም እንደየድርሻው መጠን ትንሽ ትንሽ ይቀነሳል፤ ለብቻው የሚጎዳ የለም። ዓውል ይባላል።»

ወደ ቤት ስንመለስ መብራት ጠፍቶ ነበር። ሻማ አበራሁላት። ደብተሯ ላይ 3/7 ጻፈች፣ ከሥሩ 4/7። ከዚያ ሰባት ፍሬ ቡና ከኪሷ አውጥታ ቁጥሮቹ አጠገብ ደረደረቻቸው።